ሽማግሌው ጀማሪ

በሜይ 1969 የፖርቱጋል ቴሌቪዥን «ዚፕ ዚፕ» የሚባል አዲስ የጨዋታ ፕሮግራም ጀመረ። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ፕሮግራሙ የሚቀረጸው ሊዝበን ውስጥ ቪላሬት በተባለ ቲያትር ቤት፣ አዳራሽ ሙሉ ተመልካች ፊት ነበር። ከሦስቱ አዘጋጆች አንዱ ራውል ሶልናዶ ነው፤ ገና አፉን ሳይከፍት ሰው የሚስቅለት ዓይነት ኮሜዲያን። ለመጀመሪያው ምሽት እናንተ ብትሆኑ ማንን ትጋብዙ ነበር? ኤውዜቢዮ በእግር ኳስ የነገሠበት ዘመን ነው፤ ዘፋኙም ተዋናዩም ሞልቷል። አዘጋጆቹ የጠሩት ግን አንድ የ76 ዓመት ሽማግሌ ነበር።

ሽማግሌው ተጫወተ፣ ቀለደ፣ ያሰበውን ተናገረ። አምባገነኑ ሳላዛር ታሞ ከሥልጣን ከወረደ ዓመት እንኳ አልሞላም፤ ሳንሱሩ እንዳለ ነው። በዚህ መሀል አንድ ሰው ቴሌቪዥን ላይ ወጥቶ እንደልቡ ሲያወራ ማየት ለተመልካቹ ብርቅ ነበር። እኔን ይበልጥ የሚገርመኝ ግን የዚያ ሰሞን ውሎው ነው። ሰውየው ጡረታ ወጥቶ የድሮ ትዝታ የሚቆጥር አልነበረም። ሊዝበን ባለው በጉልቤንኪያን ፋውንዴሽን አዲሱ ሕንፃ መግቢያ አዳራሽ ውስጥ ወደ አሥራ ሦስት ሜትር የሚጠጋ የድንጋይ ግድግዳ ተረክቦ የሕይወቱን ትልቅ ሥራ ሲያጠናቅቅ የከረመ ሰው ነው። ለሥራው ያወጣለት ስም «መጀመር» የሚል ነው።

ዦዜ ደ አልማዳ ኔግሬይሮስ ይባላል። ሥራው ምንድን ነው ብላችሁ ብትጠይቁ መልሱ አያልቅም። የጋዜጣና የመጽሔት ሥዕል ሠርቷል፤ ካርቱን ስሏል። ድምፅ አልባ ፊልም ላይ ተውኗል። በሊዝበን ትልቁ የኦፔራ ቤት መድረክ ላይ ጨፍሯል፤ የጨፈረውንም ዳንስ ራሱ ነው ያቀናበረው። ልቦለድ፣ ግጥም፣ ተውኔት ጽፏል። የቤተ ክርስቲያን መስኮት በባለቀለም መስታወት ሠርቷል። ቴምብር፣ ፖስተር፣ የመርከብ ጣቢያ ግድግዳ፣ የዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት… ልተወው።

እኛ ዘንድ እንዲህ ዓይነት ሰው ሲገኝ የሚባለው ይታወቃል። «አንዱን ያዝ እንጂ!» አጎት ይላል፣ ጎረቤት ይላል፣ ለሥራ ቃለ መጠይቅ የተቀመጠው ኃላፊም ወረቀታችሁን አገላብጦ በዓይኑ ይላል። ከሁለት ያጣ ጎመን እንዳትሆኑ ፈርተውላችሁ ነው፤ ክፋት የለውም። የሚፈሩትም ነገር አለ፤ እዚህም እዚያም ነካክቶ አንዱንም ሳይጨርስ የሚቀር ሰው ሁላችንም እናውቃለን። አልማዳን ከእንዲህ ዓይነቱ ሰው የሚለየው አንድ ነገር ነው። አዲስ ሙያ ውስጥ ሲገባ ጀማሪ መሆኑን አያፍርበትም፤ ከገባ በኋላ ደግሞ እንደ ጀማሪ አይለግምም። ዛሬ ላወራችሁ የፈለግሁት ስለዚህ ድፍረት ነው።

የተወለደው ኤፕሪል 7 ቀን 1893 ሳኦ ቶሜ ውስጥ ነው። ሳኦ ቶሜ በምዕራብ አፍሪካ በኩል፣ በምድር ወገብ ላይ ማለት ይቻላል፣ የምትገኝ ደሴት ናት፤ ያኔ የፖርቱጋል ቅኝ ግዛት ነበረች። አባቱ የፖርቱጋል መኮንንና በደሴቲቱ አስተዳዳሪ፣ እናቱ ደግሞ የሳኦ ቶሜ ክልስ ነበረች። ሦስት ዓመት ገደማ ሲሆነው እናቱ ሞተች። በ1900 አባቱ በፓሪሱ የዓለም ኤግዚቢሽን የፖርቱጋል ቅኝ ግዛቶችን ድንኳን እንዲመራ ተሹሞ ሄደ፤ ሁለቱን ወንድ ልጆቹን ሊዝበን ካምፖሊድ በሚባለው የኢየሱሳውያን አዳሪ ትምህርት ቤት አስገባቸው። ሰባት ዓመቱ ነው። እናት የለችም፣ አባት ሩቅ አገር ነው፣ ቤቱ የትምህርት ቤት መኝታ ክፍል ሆነ።

እዚያ ምን ያደርጋል? ጋዜጣ ያዘጋጃል። ማተሚያ ቤት የለውም፣ ገንዘብ የለውም፣ ፈቃድ የሰጠው የለም። በእጁ ይጽፋል፣ በእጁ ይስላል፣ ለጓደኞቹ ያስነብባል። ርእሰ አንቀጹንም ዜናውንም ሥዕሉንም የሚሠራው ያው አንድ ልጅ ነው። ቆይቶ ሰዎች «ሁለገብ» እያሉ ያደነቁት ነገር ሥሩ እዚህ ጋ ይመስለኛል። አንድ የትምህርት ቤት ጋዜጣ ላይ ሁሉን ራሱ መሥራት የለመደ ልጅ፣ ጽሑፍ የአንዱ ሙያ ሥዕል የሌላው ሙያ ነው የሚለው አጥር ከየት ይመጣለታል?

እናንተም ቤት ይህ ልጅ አለ። ደብተሩ ጀርባ ላይ የሚስለው፣ ስልኳን ጠረጴዛ ላይ አቁማ ታናሽ ወንድሟን እያስተወነች ፊልም የምትቀርጸው። እነዚህን ልጆች «ትልቅ ስትሆኑ» እያልን አናዘግያቸው። አልማዳ ትልቅ እስኪሆን አልጠበቀም።

በ1910 ፖርቱጋል ንጉሣዊውን ሥርዓት ጥላ ሪፐብሊክ ሆነች። ኢየሱሳውያን ተባረሩ፣ ካምፖሊድ ተዘጋ። ልጁ ወደ ኮይምብራ፣ ከዚያ ተመልሶ ወደ ሊዝበን። የሥነ ጥበብ አካዳሚ ገብቶ አልተማረም፤ ይህን ልብ በሉልኝ። በ1911 የመጀመሪያ ሥዕሉ በአንድ የቀልድ መጽሔት ላይ ታተመ፤ በ1912 ከካርቱኒስቶች ጋር በጋራ ኤግዚቢሽን አሳየ፤ በ1913፣ ሃያ ዓመት ገደማ ሲሆነው፣ ብቻውን ኤግዚቢሽን ከፈተ።

እዚህ ላይ አንድ ታሪክ አለ፤ ይህን ጽሑፍ እንድጽፍ ያነሳሳኝም እሱ ስለሆነ ቀስ ብዬ ልናገረው። ኤግዚቢሽኑን ካዩት ሰዎች አንዱ ስለ ሥዕሎቹ «አ አጊያ» በሚባል መጽሔት ላይ ሂስ ጻፈ። ሂሱ ሙገሳ ብቻ አልነበረም። ልጁ ሊቅ አይደለም ይላል፤ ተሰጥኦ ግን እንዳለው ይመሰክርለታል። የሃያ ዓመት ልጅ ናችሁ እንበል። የመጀመሪያ ኤግዚቢሽናችሁ ነው፣ ስለ እናንተ በመጽሔት ሲጻፍ የመጀመሪያችሁ ነው፣ የተጻፈው ደግሞ «ሊቅስ አይደለም» የሚል ነው። ምን ታደርጋላችሁ? እኔ ብሆን ያንን መጽሔት ሁለተኛ አላነብም ነበር።

አልማዳ ከጸሐፊው ጋር ወዳጅ ሆነ። ያ ጸሐፊ በቀን የንግድ ደብዳቤ እየተረጎመ የሚተዳደር፣ በዚያን ጊዜ ብዙም የማይታወቅ የሃያ አራት ዓመት ጎልማሳ ነው። ስሙ ፈርናንዶ ፔሶዋ። ዛሬ ፖርቱጋል ካፈራቻቸው ባለቅኔዎች ሁሉ ዓለም ከሁሉ አስበልጦ የሚያነበው እሱን ነው። በ1915 ሁለቱ ከሌሎች ወጣቶች ጋር «ኦርፌው» የተባለውን መጽሔት አወጡ። ጋዜጦች እብዶች አሏቸው፤ መጽሔቱ ሁለት ቁጥር ታትሞ በሦስተኛው ገንዘብ አለቀበት። በ1921 ፔሶዋ ከፍቶት በነበረው ትንሽ አሳታሚ ድርጅት የአልማዳን መጽሐፍ አሳተመለት። ፔሶዋ በ1935 ሞተ። ከአሥራ ዘጠኝ ዓመት በኋላ፣ በ1954፣ የኦርፌው ልጆች ይሰበሰቡበት የነበረ አንድ ምግብ ቤት የፔሶዋን ሥዕል አዘዘ፤ የሳለው አልማዳ ነው።

ሥዕሉን ፈልጋችሁ እዩት። ፔሶዋ ጥቁር ልብስ ለብሶ፣ ባርኔጣውን አድርጎ፣ መነጽሩን ሰክቶ ካፌ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል። ጣቱ መሀል ሲጋራ አለ። ፊቱ የቡና ስኒ፣ ወረቀት፣ ብዕር፤ ከጎን ደግሞ የኦርፌው ቁጥር ሁለት። ወለሉ ቀይ ነው፤ ሁሉ ነገር ማለት ይቻላል በቀጥታ መስመርና በሰላ ማዕዘን የተሠራ ነው፤ ሰውየው ብቻውን ነው ግን አያሳዝንም፤ ሊጽፍ ነው። ዛሬ ዓለም ፔሶዋን ሲያስብ በዓይኑ የሚመጣበት ምስል በአብዛኛው ይሄ ነው። «ሊቅ አይደለም» የተባለው ልጅ፣ ያለውን ሰው መልክ ለዘመናት አስቀመጠለት። በ1964 ጉልቤንኪያን ፋውንዴሽን ሌላ ቅጂ ሲያዘው፣ ያንኑ ሥዕል በመስታወት እንደታየ ገልብጦ ሠራው። እንደገና ሥራ ሲባልም መድገም አልሆነለትም።

ከቤት አስተያየት የምትሰሙ፣ ከአለቃ አስተያየት የምትሰሙ ወዳጆቼ፣ የሚተቻችሁን ሰው በደንብ እዩት። ሥራችሁን ለማየት ጊዜ ሰጥቶ፣ አስቦ፣ ስሙን አስፍሮ የተቸ ሰው በዚህ ዓለም ብዙ አይገኝም። ሳያይ የሚያወድሳችሁ መቶ ሰው አለ።

ሁሉም ነገሩ እንዲህ የሚያምር ነው ማለቴ አይደለም። በ1915 ዡሊዮ ዳንታስ የተባለው ዝነኛ ጸሐፊ አዲስ ተውኔት ሲያሳይ፣ አልማዳ ተነሥቶ ሰውየውን ከራስ ጠጉሩ እስከ እግር ጥፍሩ የሚዘልፍ ማኒፌስቶ ጻፈ። የፖርቱጋል የሥነ ጽሑፍ መምህራን ዛሬም በፍቅር ያስተምሩታል፤ ያስቃል ይላሉ፤ ያስቃልም። እኔ ግን የሰው ስም እያነሱ መስደብን ለማንም አልመክርም። ሶሻል ሚዲያ ባለበት ዘመን ደግሞ ይሄ ዓይነቱ ችሎታ አልጎደለንም።

ይልቅ ኤፕሪል 14 ቀን 1917 ያደረገውን ልንገራችሁ። ሊዝበን ሪፐብሊክ ቲያትር ቤት ውስጥ ፊውቸሪዝም ስለተባለው የጥበብ እንቅስቃሴ ንግግር ሊያደርግ ወጣ። ያኔ መድረክ ላይ ወጥቶ ለከተማ ሰው ንግግር የሚያደርግ ሰው ሙሉ ልብስ፣ የደረቀ ኮሌታ፣ ክራቫት ነው። የ24 ዓመቱ አልማዳ የሥራ ቱታ ለብሶ ብቅ አለ፤ መካኒክ ጋራዥ ውስጥ የሚለብሰውን ዓይነት። አዳራሹ ተንጫጫ። እሱ ቆሞ ተናገረ። በዚያ ዘመን ገና ስም ያልወጣለትን ነገር፣ ሰውነቱንና ልብሱን የንግግሩ አካል ማድረግን፣ ማንም ሳያስተምረው ሠራው። በዚያ ቱታ የተነሣው ፎቶግራፍ እስከ ዛሬ አለ፤ ቱታው ይታያል፣ የቆመው ወጣት ይታያል።

በዚያው ዓመት መጨረሻ የዲያጊሌቭ የሩሲያ ባሌ ቡድን ሊዝበን መጣ። ከተማዋ ውስጥ መፈንቅለ መንግሥት ተነሥቶ ጥይት ሲተኮስ የነበረበት ዲሴምበር ነው። አልማዳ ባሌውን አየና አበደበት። ዳንስ ተምሯል? አልተማረም። በ1918 ግን በሳን ካርሎስ ኦፔራ ቤት፣ ሩይ ኮኤልዮ ሙዚቃውን በደረሰለት የባሌ ትርዒት ላይ እንቅስቃሴውን አቀናብሮ ራሱም ጨፈረ። ከዚያም በ1920ዎቹ መግቢያ «ኦ ኮንዴናዶ» በተሰኘ ፊልም ላይ ተወነ። ዳንሰኝነቱም የፊልም ተዋናይነቱም ብዙ አልቆየም። ይህን እንደ ሽንፈት የሚቆጥር ሰው ይኖራል። እኔ አልቆጥረውም፤ ከዚያ በኋላ የሳላቸውን ሰዎች እዩ። የተውኔት ቀልደኞቹ አርሌኪኖዎች፣ የሰርከስ ሰዎቹ፣ ዓሣ ሻጮቹ ሁሉ ሰውነታቸውን የሚይዙት መድረክ ላይ ቆሞ በሚያውቅ ሰው አያያዝ ነው። ክብደቱ የትኛው እግር ላይ እንዳለ ታውቃላችሁ። ሁለት ዓመት «የባከነበት» ሙያ ሃምሳ ዓመት ብሩሹን ሲያገለግለው ኖረ።

እንግዲህ ክፉውን ጊዜ ደግሞ አንዝለለው። የኦርፌው ጓደኛው ማሪዮ ደ ሳ-ካርኔይሮ በ1916 ፓሪስ ውስጥ ራሱን አጠፋ። ሠዓሊው ሳንታ-ሪታ በ1918 ሞተ፤ የትውልዱ ታላቅ ሠዓሊ አማዴዎ ደ ሶዛ-ካርዶዞ በዚያው ዓመት በኅዳር በሽታ ዓለም አቀፍ ወረርሽኝ ተቀጠፈ፤ ገና 30 ዓመቱ ነበር። አልማዳ 25 ዓመቱ ሲሆን አብረውት አዲስ ነገር እንጀምራለን ካሉት ግማሾቹ የሉም። በ1919 ፓሪስ ሄደ። አባቱ የኖረባት፣ ሠዓሊ ሁሉ የሚመኛት ከተማ ናት፤ ለእሱ ግን በሯን አልከፈተችለትም። እየጨፈረና ያገኘውን ሥራ እየሠራ ዓመት ያህል ቆይቶ ወደ ሊዝበን ተመለሰ።

ስንቶቻችን ነን ከስደት ባዶ እጅ መመለስን ከሞት የምንፈራው? በተለይ ገንዘብ ይልካል ተብሎ የተጠበቀ ሰው «ሄዶ መጣ» መባሉን አይችለውም። አልማዳ ከፓሪስ ምንም ዝና ይዞ አልተመለሰም። ይዞት የመጣው የጻፋቸውን ወረቀቶች ነው። በዚያው ሰሞን ከጻፋቸው አንዷ አጭር ተውኔት ናት፤ «ከመጀመር በፊት» ትባላለች። ትርዒቱ ገና ሳይጀመር፣ ሰው የማያያቸው መስሏቸው፣ ሁለት አሻንጉሊቶች እርስ በርሳቸው ሲያወሩ የሚያሳይ ነው። በ1919 የተጻፈው ይህ ተውኔት መድረክ ያየው በ1949 ነው። ሠላሳ ዓመት መሳቢያ ውስጥ!

ስለ መሳቢያ ካነሣን እንቀጥል። «ኖሜ ደ ጌራ» የተሰኘ ልቦለዱን በ1925 ጻፈ፤ የታተመው በ1938 ነው። «ሴት ትፈለጋለች» የተሰኘውን ተውኔት በ1928 ማድሪድ ውስጥ ጻፈ፤ መድረክ ላይ የወጣው በ1963፣ እሱ ሰባ ዓመት ሲሆነው ነው። እነዚህን ቀኖች ጎን ለጎን ሳስቀምጣቸው አንድ ነገር ይታየኛል። ሰውየው የመጀመሪያው ሥራ እስኪወጣለት ተቀምጦ አልጠበቀም። ልቦለዱ መሳቢያ ገባ፤ እሱ ወደ ሥዕሉ ዞረ። ተውኔቱ መሳቢያ ገባ፤ እሱ ወደ ግድግዳ ዞረ። ብዙ ሙያ መያዝ የሚሰጠው ትልቁ ስጦታ ይሄ ይመስለኛል፤ አንዱ በር ሲዘጋ እጅ ሥራ አይፈታም። አንድ ሙያ ብቻ የያዘ ሰው በሩ ላይ ቆሞ ሲያንኳኳ ያረጃል።

እንጀራውስ ከየት መጣ? ከትንንሽ ሥራ። ለጋዜጣና ለመጽሔት እየሳለ፣ ማስታወቂያ እየሠራ፣ የካፌ ግድግዳ እያስዋበ። በ1925 ሊዝበን ሺያዶ በሚባለው ሰፈር ያለው «ብራዚሌይራ» ቡና ቤት ሥዕሎች ሲያዝ ከተሰጣቸው ሠዓሊዎች አንዱ እሱ ነበር። ቡና ቤት ግድግዳ ላይ መሳል ያኔ ለ«ትልቅ» አርቲስት አይመጥንም የሚሉ ነበሩ። የጭስና የቡና ሽታ የጠጣ ሥዕል! ግን አስቡት፤ ሙዚየም በሳምንት የሚያየው ሰው በዚያ ቡና ቤት በአንድ ጠዋት ይገባል። በ1927 አገሩ ጠበበችውና ማድሪድ ሄደ፤ እስከ 1932 ቆየ። ይህኛው ስደት ሰመረለት። የስፔን ጋዜጦች ሥዕሉን አተሙለት፤ በጸሐፊው ራሞን ጎሜስ ደ ላ ሴርና ዙሪያ በፖምቦ ካፌ ከሚሰበሰቡት ጋር ተቀላቀለ፤ ሳን ካርሎስ ለተባለ ሲኒማ ቤት የግድግዳ ጌጥ ሠራ። ቋንቋው ሌላ፣ አገሩ ሌላ፣ መስመሩ ግን የእሱ።

ይህን መስመር ጥቂት ላውራው። የአልማዳን የጋዜጣ ካርቱንና የቤተ ክርስቲያን መስኮት ጎን ለጎን ብታስቀምጡ የአንድ ሰው እጅ መሆኑ ወዲያው ይታያችኋል። ቀለሙን አውልቃችሁ ብትጥሉት የሚቀረው ንጹሕ፣ የማይንቀጠቀጥ፣ አንድ ጊዜ ተጀምሮ ሳይነሣ የሚሄድ መስመር ነው። ይህ መስመር የመጣው ከካርቱን ነው። ለነገ ጠዋት ጋዜጣ የሚስል ሰው የማጥፊያ ጊዜ የለውም። እንግዲህ «አንዱን ያዝ» ለሚሉት ዘመዶቻችሁ መልስ ካስፈለጋችሁ፣ አልማዳም አንዱን ይዞ ነበር በሏቸው፤ ይዞት የሚዞረው ቤት ነው የበዛው።

በ1934 ሠዓሊዋን ሳራ አፎንሶን አገባ። እዚህ ላይ ቆም ማለት ያስፈልጋል። ሳራ ራሷ ትልቅ ሠዓሊ ነበረች፤ ያደገችበትን የሰሜኑን የሚኒዮ አገር ሠርግና በዓል በደማቅ ቀለም የምትስል። ሁለት ልጆች ወለዱ። በሠላሳዎቹ መጨረሻ ግን ሥዕሏን አቆመች ማለት ይቻላል። እሱ በየሙያው እንደገና ሲጀምር ቤቱን የያዘ ሰው ነበር። አነቃቂ ታሪኮች ይህን ክፍል ይዘሉታል፤ እኔ አልዘለውም። ትዳር ውስጥ ያላችሁ፣ የአንዳችሁ ጅማሬ በሌላኛችሁ ማቆም እየተከፈለ እንዳይሆን ማታ ማታ ተጠያየቁ።

ሌላም ያልተስተካከለ ነገር አለ። ያ ዳንታስን የዘለፈ፣ በቱታ መድረክ የወጣ ሰው በ1930ዎቹ ለሳላዛር መንግሥት ፖስተርና ቴምብር ሠርቷል። በዚያ አገር ትልቅ ግድግዳ የሚሰጠው መንግሥት ነበር። ሰበብ ልደረድርለት አልፈልግም። ነገር ግን ከእነዚያ የመንግሥት ግድግዳዎች አንዱ ላይ ያደረገውን ስሙ።

በአርባዎቹ አርክቴክት ፓርዳል ሞንቴይሮ ለሊዝበን ወደብ ሁለት የመርከብ መንገደኞች ጣቢያ ሠራ፤ አልካንታራና ሮሻ ዶ ኮንዴ ደ ኦቢዶስ። የውስጥ ግድግዳውን ለአልማዳ ሰጡት። በአልካንታራው፣ በ1945 በጨረሰው፣ የድሮ አፈ ታሪኮችንና የሊዝበንን ሕይወት ሳለ።  በሮሻው፣ እስከ 1949 በሠራው፣ መርከብ የሚሳፈሩ ስደተኞችን ሳለ። አስቡት፤ ጣቢያው ራሱ ሰዎች ወደ ብራዚልና ወደ አፍሪካ የሚሄዱበት በር ነው። ሥርዓቱ ደግሞ ሕዝቤ ጠግቦ ይኖራል የሚል ነው። ሻንጣ ይዞ ሊሳፈር የተሰለፈ መንገደኛ ቀና ሲል፣ ግድግዳው ላይ የመርከቡ ግዙፍ ጎን፣ ሊሄዱ የተነሡት፣ ለሽኝት መጥተው የቀሩት ይታዩታል። በሌላው ወገን የእሑድ ሊዝበን፣ የመንገድ አክሮባቶች። ቅር ያላቸው ባለሥልጣናት ሥዕሎቹ ይጥፉ እስከማለት ደርሰው ነበር። የብሔራዊ የጥንታዊ ጥበብ ሙዚየም ዳይሬክተር ዦአዎ ኮውቶ ተሟገተላቸውና ዳኑ። እነዚህን ሲስል ሃምሳውን አልፏል፤ ብዙ ባለሙያዎች ከሥራው ሁሉ ምርጦቹ እነዚህ ናቸው ይላሉ። እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ።

ሃምሳ ዓመት ያለፋችሁ አንባቢዎች፣ ይህን አረፍተ ነገር ለእናንተ ነው የጻፍኩት፦ ምርጡ ሥራው ሃምሳን ካለፈ በኋላ የመጣ ነው፤ እዚያም አላቆመም። ከስልሳ በኋላ በሊዝበን ዩኒቨርሲቲ ሕንፃዎች ፊት ላይ በድንጋይ ቀረጻ ሥዕል መሥራት ጀመረ። ለቀለም ሰው ድንጋይ ሌላ ሙያ ነው። በብሩሽ የተሳሳተ ይደርባል፤ ድንጋይ ላይ የተቆረጠ መስመር አይመለስም። ግን አስታውሱ፣ ይህ ሰው በሃያ ዓመቱ ለነገ ጋዜጣ ያለ ማጥፊያ ሲስል የነበረ ነው።

ከዚያ «መጀመር» መጣ። ርዝመቱ 12.87 ሜትር፣ ቁመቱ 2.31 ሜትር። የሰው መልክ የለበትም፣ ታሪክ አይተርክም። ክብ፣ ኮከብ፣ አምስት ማዕዘን፣ እርስ በርስ የሚቆራረጡ መስመሮች ድንጋዩ ውስጥ ተቀርጸውበታል። ወጣት ሳለ በሊዝበን ሙዚየም ያለውን የአሥራ አምስተኛው ክፍለ ዘመን የቅዱስ ቪንሰንት ሥዕል ሲያጠና ጂኦሜትሪ ልቡን ሰርቆት ነበር፤ ለአሥርት ዓመታት በኮምፓስና በማስመሪያ፣ ማንም ሳያዘው፣ ማንም ሳይከፍለው፣ ቁጥርና ስፋት ሲያሰላ ኖሯል። ጓደኞቹ ጊዜውን ያጠፋል ይሉ ይሆናል፤ እሱ ግን ግድግዳው ሲመጣለት የሚያስገባው ሃምሳ ዓመት ያጠራቀመው ነገር ነበረው። በ1968 እና በ1969 ሠርቶ ጨረሰው። ጁን 15 ቀን 1970 ሊዝበን ውስጥ በሳን ሉዊስ የፈረንሳዮች ሆስፒታል አረፈ፤ ፔሶዋም የሞተው በዚያው ሆስፒታል ነው።

ሊዝበን የሚኖር ዘመድ ያላችሁ፣ ወይም በዚያ በኩል የምታልፉ፣ ወደ ጉልቤንኪያን ዋና መግቢያ ጎራ በሉ፤ ግድግዳው እዚያው ነው። አውሮፕላን የማይሳፈር ደግሞ ቤቱ ሥራ አለው። መሳቢያ ውስጥ የከረመ ነገር አለ አይደል? ያልተጨረሰ ግጥም፣ ግማሽ ድረስ የተማራችሁት የልብስ ስፌት፣ ሁለት ወር ሞክራችሁ ያቆማችሁት ክራር፣ «አሁንማ አርጅቻለሁ» ያላችሁበት ኮምፒውተር። ማተሚያ ቤት፣ ስፖንሰር፣ ጥሩ ካሜራ አትጠብቁ፤ የካምፖሊዱ ልጅ በእርሳስ ነው የጀመረው። የመጀመሪያው ቅጂ አያምርም፤ ግድ የለም። ለአንድ የምታከብሩት ሰው አሳዩት፤ «ሊቅስ አይደለህም» ካላችሁ ቡና ጋብዙት። ቀን ቁረጡልን የምትሉ ከሆነ ደግሞ ቅዳሜ ከሰዓት ይሁን፣ እሑድ የሚደግም ካለም አልከለክልም።